የአሥር ደቂቃ ክረምት

ሰኔ 3፣ ሰኞ

ሐኪሙ ቁርጡን ነገረን። የታላቅ እህቴ የእትዬ ዓይኖች ከውስጥ እየጠፉ ነው፤ ግራው ብሷል፣ ቀኙ ይከተላል። ክረምቱ ሳይወጣ ቀዶ ጥገና ከተደረገላት ይተርፋሉ፤ ከዚያ ካለፈ እሱም ተስፋ አይሰጥም። ቀዶ ጥገናው ያለው ትልቁ ሆስፒታል ብቻ ነው፤ እዚያ ለመግባት ደግሞ የፈቃድ ቢሮ ማኅተም ያስፈልጋል።

«የትኛው ፈቃድ ቢሮ?» አለች እትዬ።

«እኔ የምውልበት» አልኳት።

«እንግዲያውማ ጓዳዬ ነዋ!» ብላ ሳቀች። እኔም ሳቅሁ።

ሐኪሙ እዚያ ምን እንደምሠራ ጠየቀኝ። «ደዋይ ነኝ» አልኩት። «የስልክ?» «የድንጋይ።» ትክ ብሎ ሲያየኝ ማስረዳት ግድ ሆነ። የኔ መሥሪያ ቤት ሌላ ድርጅት ነው፤ በድንጋይ ድምፅ ጊዜ ያሳጥራል፤ ቢሮው አገልግሎቱን ገዝቶናል። መጠበቂያ አዳራሹ ጥግ ላይ የበር ቁመት ያለው ጠፍጣፋ ድንጋይ ተሰቅሏል፤ ቆዳ በተጠቀለለበት መዶሻ እመታዋለሁ። ድምፁን የሰማ ሰው ከጠዋት እስከ ማታ ቢቀመጥ አሥር ደቂቃ የተቀመጠ ይመስለዋል። እኔን ድምፁ እንዳይዘኝ ጆሮዬን በሰም እደፍናለሁ። መዳፌን ድንጋዩ ላይ አሳርፌ ንዝረቱ ሲደክም ደግሜ እመታለሁ። ሥራዬ ይኸው ነው።

«አንቺስ ታዲያ?» አለኝ።

«እኔማ ሙሉውን እጠብቃለሁ።»

አዳራሹ በር ላይ የድርጅታችን መፈክር አለ፤ «መጠበቅ ድሮ ቀረ» ይላል። የጻፈችው ራሷ እትዬ ናት። ታፔላ ጸሐፊ ናት፤ በከተማው ግማሹ ሱቅ ላይ እጇ አለበት። ስንመለስ መንገድ ላይ «ማኅተሙ ቢዘገይ እንኳ አንቺ አይሰማሽም» አልኳት። ደስ አላት።

ሰኔ 5፣ ረቡዕ

ፋይሏን በሦስተኛው መስኮት አስገባች። ደንቡ ክፉ ነው፤ ጉዳይሽ እስኪያልቅ በየቀኑ አዳራሹ ውስጥ መገኘት አለብሽ፤ ተጠርተሽ ካልተገኘሽ ፋይልሽ ከሁሉ በታች ይገባል። ተራው የደረሰ ሰው ድምፁ ስለያዘው ሲጠሩት አይሰማም፤ ዘበኛው ክንዱን ይዞ ከአዳራሹ ሲያወጣው ነው የሚነቃው። በሦስተኛው መስኮት ያለችውን ሴትዮ ሁላችንም ባለማኅተሟ ነው የምንላት። መስታወቱ ወፍራም ስለሆነ ድምፁ ወደነሱ አይገባም።

ሰዉ ሲሞላ መታሁ። እትዬ ሁለተኛው ረድፍ ላይ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ የሆነ ነገር ልትነግረኝ አፏን ከፈት እንዳደረገች ቀረች። ቀኑን ሙሉ እሷን ሳይ ዋልኩ። በመስኮቱ በኩል ዝናብ መጣ፣ ሄደ፣ ደግሞ መጣ። ማታ ድንጋዩን በሁለት መዳፌ አፈንኩት፣ ሰው ሁሉ ነቃ፣ መስኮቶቹ «ነገ ተመለሱ» አሉ።

«ይኸው ነው እንዴ?» አለች እትዬ። «ሰው ሲያማርር እውነት መስሎኝ! ወንበሩን እንኳ አላሞቅኩትም።» ደረጃው ላይ ስትደርስ ሆዷን ያዘች። «ግን ምን ሆኜ ነው እንዲህ የሚሞረሙረኝ?»

ሰኔ 11፣ ማክሰኞ

ቸኩያለሁ። እትዬ ዛሬም ነገ ተብላለች። ባለማኅተሟ ሹራብ ጀምራለች፣ ሰማያዊ። ሰሙ ጆሮዬን ያሳክከኛል። እግሬ አብጧል። እትዬ ደህና ናት።

ሰኔ 20፣ ሐሙስ

ዛሬ አንድ ሰውዬ ካርቶን በትከሻው ተሸክሞ ገባ፤ ሳያወርደው መታሁ። አላየሁትም ነበር። ቀኑን ሙሉ እንደተሸከመ ቆሞ ዋለ፤ ያ ካርቶን ነቅነቅ እንኳ አላለም። ማታ ሲነቃ «ወይ ጉድ! ትከሻዬን ምን በላው?» ብሎ ወለሉ ላይ ዘፍ አለ። አንዲት ሴትዮ ደግሞ በፌስታል የያዘችው ሥጋ ሸትቶ «ቆይ ይሄ ሌባ ባለ ሥጋ ቤት!» እያለች እየተሳደበች ወጣች።

የድርጅታችን ኃላፊ ሊጎበኘን መጥቶ ነበር። በየንግግሩ መሐል «አይዞሽ» ስለሚል እኛ ደዋዮቹ አይዞሽ ብለን ነው የምንጠራው፣ በሌለበት። ድፍረት አገኘሁና ጠየቅሁት።

«ጌታዬ፣ አዳራሹ ውስጥ ሰውነትም አብሮ ይቆማል ወይስ ስሜቱ ብቻ ነው? ለምሳሌ… ዓይን።»

«ጊዜን በእጃችን አስገብተናል እኮ!» አለኝ። «አይዞሽ፣ ጥሩ እየሠራሽ ነው።»

አዎ ማለቱ ነው ብዬ ወሰድኩት። እንዲያ ከሆነ እትዬ አዳራሹ ውስጥ በዋለች ቁጥር ዓይኗ ያርፋል ማለት ነው። ስለ ሥጋው አላነሳሁበትም።

ሰኔ 29፣ ቅዳሜ

ጫማ ጠጋኙ ታፔላውን ተሸክሞ መለሰ። እትዬ በቀደም ማታ ስትመለስ በመብራት የጻፈችው ነው። «ጨማ እንጠግናለን» ይላል። የጫን እግር ሳትቀጥል ተወችው።

«የጫማ ታፔላ እግር አጥቶ! ሰው ምን ይለኛል?» አለ ሰውዬው፣ ግን አልተቆጣም፤ ይወዳታል።

«እግሩን ጠግንልኝ ብዬ ነው ላንተ የተውኩት» አለችው። ሳቅን። ብሩሹን ይዛ ሄዳ እግሩን ልትጨምር ስትል ሰሌዳውን ስታ ጠረጴዛው ላይ ቀባች። ሰውዬው ወደኔ አየ። እኔ ጨርቅ ላመጣ ገባሁ።

ዓይኗ አርፎ ቢሆን ኖሮ እንዲህ ባልሆነ ነበር። ግን ቅዳሜና እሑድ አዳራሹ ዝግ ነው። ምናልባት የሚብሰው ቅዳሜና እሑድ ይሆናል።

ሐምሌ 4፣ ሐሙስ

ዘበኛው ምሳ ሰዓት ላይ አጠገቤ ተቀመጠ። ምሳዬን የምበላው በአንድ እጄ ነው፤ ሌላው ድንጋዩ ላይ ነው። ጆሮው እንደኔ ተደፍኗል፤ ስለዚህ ወሬያችን በእጅና በከንፈር ነው። ሰዉን ጠቆመኝ፣ ከዚያ መስታወቱን በጡጫው እንደሚደበድብ አደረገ፣ ከዚያ መዳፉን በመዳፉ ላይ እንደ ማኅተም ጧ ጧ ጧ። ማታ ሰሙን ስናወጣ በአፉ ደገመልኝ።

«ድሮ ይጮሁ ነበር፤ መስታወቱን ስንቴ ለወጥነው። ግን ማኅተሙ እንዴት ይወርድ ነበር መሰለሽ! አሁን እዪው፣ የመቃብር ፀጥታ።»

«አንተ ደግሞ ጋሼ፣ ድሮ ሁሉ ለምልሞ ይታይሃል» አልኩት።

ሽማግሌ ሲደክመው ድሮን ማመስገን ይወዳል። 

ሐምሌ 10፣ ረቡዕ

መጻፍ አልፈለግሁም፣ ግን እንቅልፍም አልመጣ።

ከሥራ በኋላ ቧንቧው ጋ እጄን ስታጠብ ከግድግዳው ወዲያ ባለማኅተሟና ጓደኛዋ ያወራሉ። ሰሙን አውጥቻለሁ፤ እነሱ ግን እኔን ሁልጊዜ ደንቆሮ አድርገው ነው የሚያስቡኝ።

«ያን ሁሉ ፋይል መቼ ልትጨርሺው ነው?»

«ምን ያጣድፈኛል? እነሱ እንደሆነ አሥር ደቂቃ ነው የሚጠብቁት። የሚጠብቀኝ እኮ ሰው የለም፤ ለማን ብዬ ልጣደፍ?»

ከዚያ ስለ ሹራቡ እጀታ አወሩ። እጀታው አጥሯል መሰለኝ።

ወደ ውጭ ስወጣ ደግሞ አይዞሽና የቢሮው ዋና ኃላፊ ደረጃው ላይ እጅ ለእጅ ተያይዘው ይሳሳቃሉ። «ዓመቱን ሙሉ አንድ ቅሬታ አልመጣም!» ይላል የቢሮው። «ሆስፒታሉም ሊፈርም ነው» ይላል የኛው። ሲያየኝ «አይዞሽ! የአንቺ እጅ ነው ይህን ያመጣው» አለኝ። አመሰግናለሁ አልኩት። ጎንበስ ብዬ።

ውሻ እንኳ በበላበት ይጮኻል። እኔም እንጀራዬ ነው። ደግሞስ ሴትዮዋ ብትሰንፍ እኔን ምን አገባኝ? እኔ መዶሻ ነው የያዝኩት፣ ማኅተም አልያዝኩ። ዝም አይነቅዝም።

ሐምሌ 11፣ ሐሙስ

ነገ ተብላለች። ብርጭቆ ውስጥ ውኃ ስትቀዳ አፈሰሰችው፤ እኔ ነኝ የገፋሁት አልኳት።

ሐምሌ 18፣ ሐሙስ

ባለማኅተሟን ለመንኳት። በሕይወቴ ሰው እንደዚያ ለምኜ አላውቅም። «እህቴ ናት፣ ዓይኗ ነው፣ ክረምቱ ሳይወጣ ነው የተባልነው» አልኳት። ደነገጠች፤ ክፉ ሰው አይደለችም፣ እሱ ነው የሚያናድደኝ።

«ውይ በሞትኩት! ምነው እስካሁን ሳትነግሪኝ? ዓይኔን ግንባር ያድርገው፣ ነገ እጨርስላታለሁ!»

እትዬ ከጎኔ ቆማ ነበር። «ኧረ እሱንስ ለኔ ተዪልኝ» አለች። ሁለቱም ሳቁ። እኔ ብቻ መሬት መሬት አየሁ።

ሐምሌ 19፣ ዓርብ

አልጨረሰችላትም። ሰኞ አለች። «ደግሞ ምን አላት፣ እሷ እንደሆነ አይሰማት» አለችኝ። ይህን ቃል ከማን ነው የሰማሁት ብዬ ቀኑን ሙሉ ሳስብ ዋልኩ። ከራሴ ነው።

ሐምሌ 30፣ ማክሰኞ

የግራ ዓይኗ ጠፋ። ጠዋት ስትነቃ ነው የነገረችኝ፣ ስለ ሌላ ሰው ዓይን እንደምታወራ። «እቱ፣ በዚህ በኩል ጨልሟል» አለች። ፊቷን ታጠበችና ደግማ ሞከረች። ከዚያ «በይ ተነሺ፣ ተራዬ እንዳያልፈኝ» አለችኝ።

ሄድን። መታሁ። ምን ላድርግ? መታሁ።

ነሐሴ 5፣ እሑድ

ዛሬ ያለውን እንዳለ መጻፍ አለብኝ።

ከምሳ በኋላ እትዬ ወንበር አወጣችና በሩ ላይ ተቀመጠች። በቀረላት ዓይን ሰማዩን ሽቅብ ታያለች። ደመና ነበር፣ ግን አልዘነበም። ብዙ ከቆየች በኋላ፣

«ዘንድሮ ዝናብ ጠፋ አይደል?» አለችኝ።

እኔ ሽንኩርት እየከተፍኩ ነው፤ ልቤ እዚያ የለም። «ምን ይጠፋል? በየቀኑ ዶፍ አይደል እንዴ የሚወርደው!»

ፊቷን ወደኔ አዞረች። ቢላዋውን አስቀመጥኩ።

«በየቀኑ?»

«ቀን ቀን ነዋ… አንቺ አዳራሹ ውስጥ ሳለሽ።»

«ማታ ስንወጣ መሬቱ ሲረጥብ የሌሊት ይመስለኝ ነበር» አለች። ከዚያ ጣቶቿን እያጠፈች ሳምንቶቹን አስታወሰች፤ ሰኔን፣ ሐምሌን። እኔ ወለሉን አያለሁ። «እኔ እኮ ሁሉም ተደምሮ የአንድ ቀን ነገር ነው የሚመስለኝ። የአንድ ቀን! ሁለት ወር ሙሉ የት ነው ያስቀመጥሽኝ?»

«እንዳይሰለችሽ ብዬ ነው፣ እትዬ።»

እንዲያ ስትጮህ ሰምቻት አላውቅም፣ እናታችን የሞተች ጊዜ እንኳ። «ማን ነው ይሰለቸኛል ያለሽ? ይሰልቸኛ! መሰልቸቱም የኔ ነው! የማይበት ክረምት ነበር እኮ፣ አንቺ! በሁለት ዓይኔ የማይበት! ዛፍ ሳይ፣ ዝናብ ሳይ፣ አንቺን ሳይ መክረም ስችል ዓይኔን ከፍቼ እንደ ዕቃ ተጎልቼ ከረምኩ? ደግሞ ማን ጎለተኝ? የገዛ እህቴ!»

ከዚያ አለቀሰች። የማያየውም ዓይን ያለቅሳል ለካ።

አሁን ተኝታለች። እኔ ሻማ እንደሚጠብቅ ሰው ቁጭ ብያለሁ። ድንጋዩ ጊዜ አቁሞ አያውቅም፤ ሰውን ነው የሚያቆመው። ሥጋው ሸተተ፣ የሰውዬው ትከሻ ዛለ፣ የእህቴ ዓይን ጠፋ፤ ጊዜው ሥራውን አንድ ቀን አላቋረጠም። ይህን መቼ አወቅሁ? ዛሬ ነው ብል ደስ ባለኝ። ከሥጋው ጊዜ ጀምሮ ይመስለኛል። ባለማኅተሟን ስረግም ከረምኩ እንጂ እሷን ያሰነፋት ማን ሆነና? የሚጮህባትን ሰው ሁሉ አፉን የያዝኩት እኔ ነኝ።

ነሐሴ 6፣ ሰኞ

አልመታሁም።

መዶሻውን ጭኔ ላይ አስቀምጬ ተቀመጥኩ። ሰሙንም አላደረግሁም። አዳራሹን በጆሮዬ ስሰማው የመጀመሪያዬ ነው፤ ሳል፣ የወንበር ሲጢጥታ፣ አንድ ሰውዬ የሚያፏጨው ነገር። ለጥቂት ጊዜ ሰዉ አሁን ይመታል እያለ ወደኔ ያያል። ከዚያ ሰዓታቸውን ማየት ጀመሩ። ከዚያ እርስ በርስ። «አንተ ከመቼ ጀምሮ ነህ?» «ከሚያዝያ።» «ምን? ከሚያዝያ?» «ኧረ እኔ ከጥር!» ይህን ሲባባሉ እስከዛሬ ተነጋግረው እንደማያውቁ ገባኝ። ለመነጋገር ጊዜ አልነበራቸውማ።

መጀመሪያ የተነሳችው እትዬ ናት። ወንበሮቹን እየዳሰሰች ሦስተኛው መስኮት ደረሰችና መስታወቱን በጣቷ አንኳኳች። ባለማኅተሟ ከሹራቧ ቀና ስትል ክው አለች፤ መስታወቱን ገለጥ አደረገች። ድንጋዩ ከተሰቀለ ወዲህ ሰው በራሱ ከወንበሩ ሲነሳ አይታ አታውቅም።

«ሰማያዊ ነው አይደል?» አለቻት እትዬ። «ያምራል። ለማን ነው?»

«ለ… ለልጄ።»

«ይደግልሽ። እኔ ግን አንዱ ዓይኔ ሄዷል፣ እህቴ። ሁለተኛው እስኪሄድ እዚሁ ቆሜ እጠብቅሻለሁ። ቆሜ ነው የምጠብቅሽ፣ እያየሽኝ።»

ከኋላዋ አዳራሹ ግልብጥ ብሎ ተነሳ። ኧረ እንዴት ያለ ጩኸት ነው! ካርቶን ተሸካሚው ሰውዬ መስታወቱን በመዳፉ ሲጠልዘው ዘበኛው «ቀስ በል፣ ቀስ በል» ይላል፣ ግን ጥርሱ በጥርሱ ላይ አልገጠመም በሳቅ። ማኅተሙ መውረድ ጀመረ። ጧ፣ ጧ፣ ጧ። የእትዬ ፋይል ከምሳ በፊት ታተመ። ሁለት ወር የፈጀው ነገር ውኃ እስኪፈላ ድረስ እንኳ አልወሰደም።

ነሐሴ 7፣ ማክሰኞ

አይዞሽ አስጠራኝ። መዶሻውን፣ ሰሙን፣ የመግቢያ ወረቀቴን አስረከብኩ። «ሌላ ሥራ ታገኛለሽ፣ አይዞሽ» አለኝ። በወፍራሙ መስታወት በኩል ሳይ አዳራሹ ውስጥ አዲስ ደዋይ ቆማለች፣ ልጅ እግር፣ መዳፏን ድንጋዩ ላይ አድርጋ። እግሯ እንዳያብጥ ጫማዋን እንድታወልቅ ልነግራት ነበር፤ አትሰማኝም።

ነሐሴ 16፣ ሐሙስ፣ ሆስፒታል

ክንዶቼ ስለሚንቀጠቀጡ ጽሕፈቴ እንደ ዶሮ ጭረት ሆኗል።

ሐኪሙ ትላንት እንዳለን ግራው አይመለስም። ቀኙን ዛሬ ይከፍቱታል፤ ሊድንም ላይድንም ይችላል፣ እኩል ነው አለ። ገና ሲነጋ መጥተን መጠበቂያው ክፍል ገባን። ሰፊ መስኮት አለው፣ ግቢው ውስጥ ዛፎች አሉ፣ ይዘንባል። እትዬ መስኮቱ ሥር ቦታ ያዘች። «ዛሬ ብዙ ቢያስጠብቁኝ ደስ ይለኛል» አለች።

እኔ ጥጉን ያየሁት ዘግይቼ ነው። ድንጋዩ አዲስ ነው፤ ገና አቧራው አልተራገፈም። ደዋዩ ሰሙን በጣቱ እያለሰለሰ ነው። ነርሷን «እኛ አንፈልግም፣ ውጭ እንጠብቅ» አልኳት። «ከክፍሉ የወጣ ተራው ያልፈዋል» አለችኝ። ሰም የለኝም። መዳፍ ጥብቅ ተደርጎ ከተጫነ ድምፁን ይመልሳል፤ ይህን ደዋይ ሁሉ ያውቃል፣ ሰም ስንቀይር እንደዚያ እናደርጋለን። ግን እትዬ ራሷ ብትይዘው ክንዷ ሲዝል ይወርዳል፤ ያን ጊዜ አለቀ። ድምፁ የያዘው ሰው ግን ክንዱ ቢዝልም አያወርድም።

መዶሻው ሲነሳ ፊቷ ተንበረከክሁና ጆሮዎቿን በሁለት እጄ ከደንኩ። «ምን ሆነሻል አንቺ?» ስትል ሰማሁ።

ቀጥሎ የማውቀው ኮሪደሩን ነው። እጆቼ ከጆሮዎቿ ሳይነሱ እትዬ በብብቴ ይዛ እየጎተተች አውጥታኛለች፣ ነርሷ ከፊት ከፊት ትሄዳለች፣ ውጭው ሊመሽ ነው። ክንዶቼ የኔ አይመስሉም፣ ጉልበቴ አይዘረጋም። ለኔ አሥር ደቂቃ እንኳ አልሆነም።

«ምን ስታዪ ዋልሽ?» አልኳት። «ዝናቡ ጥሩ ነበር?»

«የምን ዝናብ! ፊትሽን ፊቴ ላይ ደቅነሽብኝ፣ ጭንቅላቴን ጨምድደሽ ይዘሽ፣ የት ልዞር?» አለች። እየሳቀች ነበር፣ ጉንጯ ግን እርጥብ ነው። «አንቺን ሳይ ዋልኩ። ቅንድብሽ ላይ ሽበት አለ፣ ታውቂያለሽ? አፍንጫሽ ደግሞ ቁርጥ እማዬን።»

ነርሷ በሩን ከፈተችና እጇን ያዘቻት። እትዬ ዞር ብላ አንድ ጊዜ ደግማ አየችኝ።

«በቃ» አለች፣ «አይቼ ጠግቤሻለሁ።»

ገባች።